አስናቀች ወርቁና የተናቀው ሙያ

በደባርቅና በዳባት፥ በስሜንም ተራሮች ግርጌ ባሉት መንደሮች፥ ሰርግ ያለ አዝማሪ አይደምቅም። አዝማሪው ማሲንቆውን ይዞ በዳሱ መካከል ይቆማል። ሙሽራውን ያወድሳል፤ ሽማግሌውን ያስቃል፤ የሞቱትን ጀግኖች በስማቸው እየጠራ የቤቱን ሰው ያስለቅሳል። ሌሊቱን ሁሉ ሰው ያጨበጭብለታል፤ በግንባሩም ላይ ገንዘብ ይለጥፍለታል። የጥንቱ ሰው ግን ሌሊት ላጨበጨበለት ሰው ጧት ክብር አይሰጠውም ነበረ። ወንድ ልጁ አዝማሪ መሆን ቢፈልግ ይቈጣ ነበረ፤ ሴት ልጁ ክራር ብትይዝ ደግሞ ቤቱ የተዋረደ ይመስለው ነበረ። ዘፈኑን ይወድ ነበረ፤ ዘፋኙን ይንቅ ነበረ።

ይህ የስሜን ሰው ብቻ ልማድ አልነበረም። በኢትዮጵያ በብዙ ስፍራ ሰው ሸማኔው የሠራውን ኩታ ለብሶ ሸማኔውን ይንቅ ነበረ፤ ቀጥቃጩ በሠራው ማረሻ አርሶ ቀጥቃጩን ይሰድብ ነበረ፤ በሸክላ ሠሪዪቱ ድስት የተሠራውን ወጥ በልቶ እርሷን ከማዕዱ ያርቅ ነበረ። እንዲህ ያለ ንቀት በምክር ብቻ አይጠፋም። የተናቀውን ሥራ በፍጹም ትጋት ሠርቶ በሰው ሁሉ ፊት የሚያሳይ ሰው መነሣት አለበት። በዘፈንና በቴአትር ሥራ ከተነሡት ከእንዲህ ያሉት ሰዎች አንዲቱ አስናቀች ወርቁ ናት።

አስናቀች በ1927 ዓ.ም. ገደማ በአዲስ አበባ ከተማ፥ ስድስት ኪሎ በሚባለው ሰፈር ተወለደች። ዘመኑ ክፉ ዘመን ነበረ። በ1928 ዓ.ም. የኢጣልያ ጦር አዲስ አበባ ገባ፤ አምስት ዓመትም በከተማይቱ ተቀመጠ። እናቷም ገና በልጅነቷ ሞተችባት። እናት የሌላት ልጅ ሌላው ልጅ ሳይለፋ የሚያገኘውን ፍቅር ፈልጋ ማግኘት አለባት፤ ማንም ሳይነግራትም ብዙ ነገር በቶሎ ትማራለች።

ስሟ መልካም ስም ነበረ። አስናቀች ማለት ከሌሎቹ በልጣ ታየች፥ በአጠገቧ ያለው ሁሉ ያነሰ እንዲመስል አደረገች ማለት ነው። ወላጆች ይህን ስም ስለ መልክ ውበት ያወጡታል። አስናቀችም በእውነት ባደገች ጊዜ ቆንጆ ሆነች፤ ልብሷን አሳምራ መልበስ የምታውቅ፥ አነጋገሯም ለዛ ያለው ሴት ሆነች። ነገር ግን ስሟን ያስጠራው ውበቷ ብቻ አይደለም፤ ውበት ያለ ሥራ ቶሎ ይረሳል።

በወጣትነቷ ክራር መግረፍ ተማረች። ክራር ገበቴው በቆዳ የተለበጠ፥ በላዩ ሁለት ምሰሶ የቆመለት፥ በምሰሶዎቹም ጫፍ አግዳሚ እንጨት የተጋደመበት ዕቃ ነው። ከአግዳሚው እንጨት እስከ ገበቴው አምስት ወይም ስድስት አውታር ይወጠርበታል። ማሲንቆ ግን ከፈረስ ጭራ የተሠራ አንድ አውታር ብቻ አለው። በገናም ዐሥር አውታር አለው፤ ሰዎችም በገናን የጸሎትና የምስጋና ዕቃ አድርገው ያከብሩታል። ክራርን ግን የፍቅር ዘፈን ዕቃ ነው ብለው ያቃልሉት ነበረ፤ ይልቁንም በሴት እጅ ሲያዩት የነቀፉት ብዙዎች ነበሩ።

አስናቀች ይህን ነቀፋ እየሰማች ክራሯን አልጣለችም። ትዝታን፥ ባቲን፥ አምባሰልን፥ አንቺ ሆዬን፥ እነዚህን አራቱን የዜማ ቅኝቶች ጠንቅቃ አወቀች። በዘፈኗም መካከል ቃል እየቀመረች በሰምና ወርቅ ትናገር ነበረ። ሰም የተባለው በላይ የሚሰማው ትርጕም ነው፤ ወርቅ የተባለውም በውስጡ የተሰወረው ነው። በጎንደር አገር የቅኔ ተማሪ ይህን ጥበብ ለማወቅ ብዙ ዓመት ይደክማል። አስናቀች ግን ይህን ጥበብ ክራሯን ይዛ በሕዝብ ፊት ታሳየው ነበረ።

ቴአትር ምን እንደ ሆነ ማወቅ ያስፈልጋል። በ1847 ዓ.ም. ዐፄ ቴዎድሮስ በስሜን፥ በደረስጌ ማርያም ዘውድ ጫኑ። ያን ቀን በዓይኑ ያየ ሰው ዛሬ በሕይወት የለም። ነገር ግን ደራሲ ታሪኩን በንግግር አድርጎ ይጽፈዋል፤ አንዱ ንጉሡን፥ ሌላው ጳጳሱን፥ ሌላውም ወታደሩን ሆኖ በመድረክ ላይ ይቆማል፤ ተመልካቹም ያለፈው ነገር አሁን የሚሆን ያህል ሆኖ ይታየዋል። ይህ ቴአትር ይባላል። ግርማቸው ተክለ ሐዋርያትም ስለ ዐፄ ቴዎድሮስ እንዲህ ያለ ድርሰት ጽፈዋል።

የግርማቸው አባት ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ከእርሳቸው ቀድመው፥ በ1913 ዓ.ም. ገደማ፥ አውሬዎች እንደ ሰው የሚናገሩበትን ቴአትር ጽፈው ነበረ። በኢትዮጵያ የመጀመሪያው የዘመናዊ ቴአትር ድርሰት እርሱ ነው። በውስጡ የመንግሥትን ሥራ የሚነቅፍ ምሳሌ ስለ ነበረበት ተከለከለ። በ1927 ዓ.ም. ደግሞ የኢጣልያ ጦርነት ሲቃረብ፥ ሕዝቡን ለማነቃቃት የአገር ፍቅር ማኅበር ተመሠረተ። ከዚህም ማኅበር የአገር ፍቅር ቴአትር ቤት ወጣ።

በእነዚያ ዓመታት በቴአትር ሴት አልነበረችም። እናትም ብትሆን፥ ንግሥትም ብትሆን፥ ሙሽራም ብትሆን፥ የሴቲቱን ስፍራ ወንድ ቀሚስ ለብሶ፥ ሻሽ አስሮ፥ ድምፁን አቅጥኖ ይጫወተው ነበረ። ይህ በኢትዮጵያ ብቻ የሆነ ነገር አይደለም። በእንግሊዝ አገር ታላቁ ደራሲ ሼክስፒር በነበረበት ዘመን የሴቶቹን ስፍራ የሚጫወቱት ልጆች ወንዶች ነበሩ፤ በዚያም ሴቶች ወደ ሕዝብ መድረክ የወጡት በ1660 እ.ኤ.አ. ነው። በሁለቱም አገር ምክንያቱ አንድ ነበረ፤ ጨዋ ሴት በብዙ ሰው ፊት ቆማ መናገር አይገባትም ተብሎ ስለ ታሰበ ነው።

ነገር ግን ወንዱ የእናትን ኀዘን ለማሳየት በተነሣ ጊዜ ተመልካቹ ጢሙን አይቶ ይሥቅ ነበረ። ታሪኩ ለቅሶ ሲሆን ሳቅ ይሆናል፤ ምክሩም ከንቱ ይቀራል። ስለዚህ ሴት የግድ ታስፈልግ ነበረ። ሁሉም እንደምታስፈልግ ያውቅ ነበረ፤ ነገር ግን ልጄ ወይም እኅቴ ትውጣ የሚል ሰው ጥቂት ነበረ።

በ1945 ዓ.ም. የአዲስ አበባ ማዘጋጃ ቤት የቴአትር ክፍል የፍቅር ጮራ የሚባለውን ቴአትር ባሳየ ጊዜ አስናቀች ወርቁ ወደ መድረክ ወጣች። በኢትዮጵያ በዘመናዊ ቴአትር የሴትን ስፍራ ይዛ የተጫወተች የመጀመሪያይቱ ሴት ተብላ የምትታወቀው በዚህ ነው። ያን ጊዜ ዕድሜዋ ዐሥራ ስምንት ዓመት ያህል ነበረ።

ለዛሬ ተማሪ ይህ ቀላል ነገር ይመስለዋል። ቀላል ግን አልነበረም። አንድ ወንዝ ሞልቶ ሳለ ፊተኛ ሆኖ የሚገባ ሰው ጥልቀቱን አያውቅም፤ ከኋላው የሚከተሉት ግን እርሱ በረገጠበት ይረግጣሉ። አስናቀችም ፊተኛ ገባች። በዚያ ዘመን በመድረክ የቆመች ሴት አዝማሪ እየተባለች ትሰደብ ነበረ፤ ይህም ቃል የሙያ ስም መሆኑ ቀርቶ የነውር ስም ሆኖ ነበረ። የሰው አፍ የማያሳፍራት ብቻ በዚያ ሥራ ልትጸና ትችል ነበረ።

ስድብን የምታሸንፈው እንዴት ነው? መልሶ በመሳደብ አይደለም፤ በሥራ ነው። የተዋናይ ሥራም ከባድ ሥራ ነው። ብዙ ገጽ ያለውን ንግግር በቃል ማጥናት ያስፈልጋል። በኋላኛው ወንበር የተቀመጠው ሰው እንዲሰማ ሳይጮኹ ድምፅን ማስረዘም ያስፈልጋል። በቤት ኀዘን ሳለ በመድረክ መሣቅ፥ በቤት ደስታ ሳለ በመድረክ ማልቀስ ያስፈልጋል። አንዱ ተዋናይ ቢዘገይ ሌሎቹ ሁሉ ይቆማሉ፤ ስለዚህ ሰዓትን ማክበር ያስፈልጋል።

በ1948 ዓ.ም. የቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ንግሥ ሃያ አምስተኛ ዓመት ሲከበር፥ በአዲስ አበባ በንጉሠ ነገሥቱ ስም የተጠራው ትልቁ ቴአትር ቤት ተከፈተ። አስናቀችም ወደዚህ ቤት ገብታ ለብዙ ዓመታት አገለገለች፤ ትጫወት ነበረ፥ ትዘፍን ነበረ፥ ክራርም ትገርፍ ነበረ። በ1967 ዓ.ም. የመንግሥት ለውጥ ከሆነ በኋላ ቤቱ ብሔራዊ ቴአትር ተባለ። ስሙ ተለወጠ፤ በመድረኩ ላይ የሚወጡት ድርሰቶችም ተለወጡ፤ አስናቀች ግን ሥራዋን አልተወችም።

ዘፈኖቿም በሸክላና በካሴት ተቀርጸው በብዙ ቤት ተሰሙ። አንድ ክራርና አንዲት ሴት ብቻ ነበሩ፤ ብዙ መሣሪያ ያለው የሙዚቃ ጓድ አልነበረም። ሰው ግን ሌላ ነገር የጐደለ አይመስለውም ነበረ። በ2003 እ.ኤ.አ. በፈረንሳይ አገር ኢትዮፒክ በሚባለው የኢትዮጵያ ሙዚቃ ስብስብ ዐሥራ ስድስተኛው ክፍል ለእርሷ ዘፈኖች ተሰጠ፤ ባለ ክራሯ እመቤት የሚል ስምም ወጣላት። በወጣትነቷ በሴት እጅ መያዙ ነውር የተባለው ክራር፥ በሽምግልናዋ ዘመን በሩቅ አገር የክብር ስሟ ሆነ።

በመጨረሻ ዘመኗ ደዌ ጸናባት። በመድረክ ላይ ቀጥ ብላ ትቆም የነበረችው ሴት በአልጋ ላይ ዋለች። በመስከረም 2004 ዓ.ም. ምድር በአደይ አበባ በተሸፈነች ጊዜ በአዲስ አበባ ዐረፈች። ከሞተችም በኋላ ታሪኳን የሚያሳይ አስኒ የሚባል ፊልም ወጣ። አስኒ ወዳጆቿ አሳጥረው የሚጠሩበት ስሟ ነው።

ከአስናቀች በኋላ ብዙ ሴቶች ወደ መድረክ ወጡ። ዛሬ በቴአትር፥ በፊልምና በቴሌቪዥን የእናትን ስፍራ ሴቶች ይጫወታሉ። በአዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲ የቴአትር ጥበብ የሚያስተምር ክፍል አለ፤ ሴት ተማሪዎችም በእርሱ ተመርቀዋል። ከእነዚህ ብዙዎቹ በ1945 ዓ.ም. ስለ ሆነው ነገር አያስቡ ይሆናል። ጥርጊያ መንገድ እንዲህ ነው፤ ከደባርቅ ወደ ጎንደር የሚወርድ መንገደኛ ድንጋዩን የፈለጡትንና ገደሉን የቈረጡትን ሠራተኞች ስም አያውቅም። መንገዱ ግን የእነርሱ ድካም ነው።

ልጆች ሆይ፥ በሰርግ ቤት አዝማሪው ሲዘፍን ስትሰሙ፥ በገበያም ሸክላ ሠሪዪቱ ማሰሮዋን ዘርግታ ስታዩ፥ ይህን ታሪክ አስቡ። የሰውን ሥራ ወድዶ ሠራተኛውን መናቅ ትልቅ በደል ነው። ዘፈኑ ያስደሰተው ሰው ለዘፋኙ ክብር ባለ ዕዳ ነው፤ በማሰሮው ውኃ የጠጣ ሰውም ለሠሪዪቱ ባለ ዕዳ ነው። ከእናንተም ማንም ስለ ሙያው ወይም ስለ ወላጆቹ ሙያ ቢሰደብ አይፈር፤ ሥራውን አጥብቆ ይያዝ፥ ከትናንት ይልቅ ዛሬ አሳምሮ ይሥራ።

አስናቀች የተባለችው ሴት በስሟ እንደ ተነገረላት ሆነች። ነገር ግን እንድትናቅ ያደረገችው ሌላውን ሴት አይደለም፤ ንቀትን ራሱን ነው።