ቅዱስ ያሬድና የጋይንት ድጓ

ከጋይንት፥ ከስማዳና ከእስቴ ለምንመጣ ተማሪዎች የቅዱስ ያሬድ ስም እንግዳ አይደለም፤ በየደብራችን ስንሰማው አድገናል። ዳሩ ግን ታሪኩን ንገሩን ብንባል ብዙዎቻችን ከትሉ ወሬ አናልፍም። ስለዚህ ሕይወቱን ባጭሩ ልንጽፍ ተነሣን።

ያሬድ የተወለደው በአክሱም ሲሆን፥ አባቶች ዘመኑን 505 ዓ.ም. ይሉታል። ገና ሕፃን ሳለ ለትምህርት ለአጎቱ ለጌዴዎን ተሰጠ። ትምህርቱ አልገባው ስላለ ቢገረፍ ሸሽቶ ሄደ፤ ከዛፍ ሥር ተቀምጦም አንድ ትል ስድስት ጊዜ ወድቆ በሰባተኛው ሲወጣ አየና ተመለሰ። (በፈተና ሰሞን ይህን ትል የማያስታውስ ከመካከላችን ማን አለ?)

ኋላም ግዕዝ፥ ዕዝልና አራራይ በተባሉት ሦስት ዜማዎች የዓመቱን በዓላት የሚያዳርሰውን ድጓ ደረሰ። ገድሉ እንደሚተርከው፥ በዐፄ ገብረ መስቀል ፊት ሲዘምር ንጉሡ በዜማው ተመስጠው የጦራቸውን ጫፍ በእግሩ ላይ ተከሉት፤ ሁለቱም አላወቁም። ንጉሡ በድንጋጤ የፈለግኸውን ለምን ቢሉት፥ ሹመት ሳይሆን ስንብት ለመነ። ወደ ሰሜን ሄዶ በጸለምት ሲያስተምር ኖረ፤ ሕይወቱም በዚያው አበቃ።

ከዚህ በኋላ አንድ ሺህ ዓመት ያህል ዜማው ከመምህር ወደ ደቀ መዝሙር በቃል ሲተላለፍ ኖረ። ቃሉ በብራና ቢጻፍም፥ ድምፁ የት እንደሚነሣና የት እንደሚወድቅ የሚያውቀው መምህሩ ብቻ ነበር፤ መምህሩ ያለ ተተኪ ከሞተ ዜማው አብሮት ይቀበራል። በግራኝ ዘመን ጦርነት መጻሕፍት ሲቃጠሉና ሊቃውንት ሲያልቁ አደጋው ጎልቶ ታየ። በዐፄ ገላውዴዎስ ዘመን (1533–1551 ዓ.ም.) አዛዥ ጌራና አዛዥ ራጉኤል በተድባበ ማርያም ሆነው ምልክቱን ሠሩ፤ ከቃሉ በላይ በደቃቅ ፊደል ይጻፋል። ከፊደሉ ጋራ ይዘት፥ ደረት፥ ርክርክ፥ ድፋት፥ ጭረት፥ ቅናት፥ ሂደትና ቁርጥ የሚባሉ ስምንት ምልክቶች አሉ። ቁርጥ ወይም ርክርክ ሲባል ስሙ ራሱ ሥራውን ይናገራል።

የድጓው ማስመስከሪያ ግን ሩቅ አይደለም፤ እዚሁ ጋይንት፥ ቤተ ልሔም ነው። ከየአገሩ ብዙ ዓመት የተማረ ሰው በእጁ የጻፈውን ድጓ ተሸክሞ ይመጣል። በመምህሩ ፊት ከዳር እስከ ዳር ያዜመዋል፤ የተሳተ ምልክት ካለም እዚያው ይታረማል።