ዱላ ያቀበለውስ? የሙሉጌታ ሥራው ሕይወትና ፍርዱ

ከጥቂት ዓመታት በፊት ለሥራ ጉዳይ ወደ ዋግ ኽምራ ሄጄ ሰቆጣ ሰንብቼ ነበር። አንድ ቀን ረፋዱ ላይ በፍርድ ቤቱ ደጃፍ ከባለጉዳዮች ጋር ተቀምጬ ሳለ አንድ አዛውንት የሕግ ሰው መሆኔን ሰምተው ጨዋታ ጀመሩኝ። በአገር ሽማግሌነታቸው የብዙ ቤተሰብ ደም ያደረቁ ሰው ናቸው። ገዳይ ሲታወቅ መንገዱ እንደማይጠፋቸው አስረዱኝ፤ ይታሰራል፣ ይክሳል፣ ይታረቃል። ያልገባቸው ነገር ግን ነበረ። እጁን ሳያነሳ፣ ከሩቅ ተቀምጦ ሰው በዘሩ ምክንያት እንዲጠላ ሲሰብክ የኖረውና ዱላውን ለወጣቱ ያቀበለው ሰው ምን እንደሚደረግ ጠየቁኝ።

ለጊዜው የሕግ አንቀጽ ከመጥቀስ ይልቅ የአንድ የደብረ ታቦር ልጅ ታሪክ ነገርኳቸው። ለአንባቢያንም ያንኑ ባካፍል ይጠቅማል ብዬ አምናለሁ።

ሙሉጌታ ሥራው በጥቅምት ወር 1953 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. 1960) ተወለደ። በሃያዎቹ ዕድሜው መጀመሪያ ላይ፣ አገራችን በደርግ ዘመን በነበረችበት ጊዜ፣ ለትምህርት ወደ አሜሪካ ተሻገረና አጎቱ ቀድሞት በሚኖርበት በኦሪገን ግዛት በፖርትላንድ ከተማ ኖረ። ኮሌጅ ገብቶ ይማር ነበር፤ ለኑሮው ደግሞ በአንድ የመኪና አከራይ ድርጅት ውስጥ ይሠራ ነበር። አንድ ትንሽ ልጅ አገር ቤት ነበረው። በዚያ ዘመን አሜሪካን አገር ከነበሩት በሺዎች የሚቆጠሩ ኢትዮጵያውያን የሚለየው ነገር አልነበረም፤ ቀን ይማራል፣ ይሠራል፣ ማታ ከአገሩ ልጆች ጋር ይጫወታል።

ኅዳር 4 ቀን 1981 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኖቬምበር 13 ቀን 1988) ከእኩለ ሌሊት በኋላ ሁለት ጓደኞቹ በመኪና አምጥተው ከሚኖርበት ሕንፃ ፊት ለፊት አደረሱት። መንገዱ ላይ ቆመው ሲሰነባበቱ ሌላ መኪና ደረሰባቸው። በውስጡ የነበሩት ራሳቸውን የተላጩ፣ ስኪንሄድ የሚባሉ፣ ኢስት ሳይድ ዋይት ፕራይድ በተባለ የነጭ ዘረኞች ቡድን የታቀፉ ወጣቶች ነበሩ። መንገድ ልቀቁ በሚል የተጀመረው ግብግብ ወደ ድብደባ ተለወጠ። ኬኔት ሚስኪ የተባለው ወጣት በቤዝቦል ዱላ የሙሉጌታን ጭንቅላት ደጋግሞ መታው። ጓደኞቹም ተደበደቡ፤ የመኪናቸው መስኮትም ተሰባበረ። ሙሉጌታ በዚያው ዕለት ሞተ፤ ዕድሜው ገና ሃያ ስምንት ነበር።

ፖሊስ ሦስቱን በቀናት ውስጥ ያዛቸው። የወንጀሉ ክስ ግን እስከ ሙሉ ክርክር አልዘለቀም። ሚስኪ ጥፋተኝነቱን አምኖ ዕድሜ ልክ ተፈረደበት፤ ካይል ብሩስተርና ስቲቭ ስትራሰርም ባነሰ የግድያ ወንጀል ጥፋተኝነታቸውን አምነው የሃያ ዓመት እስራት ተቀጡ። የኦሪገን ግዛት ሰውን በዘሩ ምክንያት ማስፈራራትንና ማጥቃትን ለይቶ የሚቀጣ ሕግ ያወጣው ከዚያ ሰባት ዓመት አስቀድሞ እ.ኤ.አ. በ1981 ነበር። ስለዚህ በሕግ ደረጃ ክፍተት አልነበረም ማለት ይቻላል። ሆኖም ዱላውን የያዙት ሲቀጡ ያቀበላቸው አልተነካም ነበር።

ነገሩን የለወጠው የፍትሐ ብሔር ክስ ነው። ሞሪስ ዲስ የተባለው የአላባማ ጠበቃና የመሠረተው ሳውዘርን ፖቨርቲ ሎው ሴንተር ከሌሎች ጋር ሆነው በሟቹ ወራሾች ስም ክስ መሠረቱ። ተከሳሾቹ ሚስኪና ብሩስተር ብቻ አልነበሩም። ካሊፎርኒያ ተቀምጦ ዋይት አርያን ሬዚስታንስ የተባለውን ድርጅት የሚመራው ቶም ሜትዝገር፣ ልጁ ጆንና ድርጅቱ ራሱ ተከሰሱ። የክሱ ፍሬ ነገር ግልጽ ነበር። ሜትዝገሮች ዴቭ ማዜላ የተባለውን ወጣት የፖርትላንድ ስኪንሄዶችን እንዲያደራጅና ለዓመፅ እንዲያነሳሳ ወኪላቸው አድርገው ልከዋል፤ ወኪል ለፈጸመው ደግሞ ወካዩ ይጠየቃል። ማዜላም ራሱ ቀርቦ በቀድሞ አለቆቹ ላይ መሰከረ።

የሕግ ባለሙያ ያልሆነ አንባቢ አንድ ነገር ልብ እንዲልልኝ እፈልጋለሁ። በወንጀል ችሎት ዐቃቤ ሕግ ከጥርጣሬ በላይ ማስረዳት አለበት። በፍትሐ ብሔር ችሎት ግን የማስረጃው ሚዛን ወደ ከሳሽ ካዘነበለ ይበቃል። በወንጀል ያልተነካው ሜትዝገር በገንዘብ የተያዘው በዚህ በር ነው። ጥቅምት 12 ቀን 1983 ዓ.ም. (እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 22 ቀን 1990) የፖርትላንድ ዳኝነት ሸንጎ በ11 ድምፅ ለ1 ተከሳሾቹን ኃላፊ አድርጎ 12.5 ሚሊዮን ዶላር ፈረደባቸው። ሜትዝገር ቤቱን አጣ፤ ይግባኙም አልሰመረለትም። እርግጥ የተሰበሰበው ገንዘብ ከተፈረደው እጅግ ጥቂቱ ነው። ድርጅቱ ግን ከዚያ በኋላ እንደቀድሞው አልሆነም።

ፍርዱን የሚተቹም አሉ። ኤሊኖር ላንገር የተባለችው ጸሐፊ እ.ኤ.አ. በ2003 ባሳተመችው መጽሐፍ በሜትዝገርና በዚያች ሌሊት ጠብ መካከል ያለው ግንኙነት የተባለውን ያህል ጠንካራ ስለመሆኑ ጥያቄ አንስታለች። ጥያቄው ቀላል አይደለም። ስብከትን ሁሉ ከዱላ ጋር የሚያያይዝ ፍርድ ቤት ነገ የማይወደውን ንግግር ሁሉ ሊያፍን ይችላል። እኔ በበኩሌ ፍርዱን የምደግፈው ሜትዝገር በማሰቡ ወይም በመናገሩ ሳይሆን ሰው በመላኩ ስለተጠየቀ ነው። ድንበሩ እዚያ ላይ ከቆመ የመናገር ነፃነት አይጎዳም።

ወደ ቤታችን ስንመለስስ? የፍትሐ ብሔር ሕጋችን ሥራ ላይ የዋለው ሙሉጌታ በተወለደበት በ1953 ዓ.ም. ነው። በአንቀጽ 2155 አነሳሹንና አድራጊውን ሳይለይ በአንድነት ኃላፊ ያደርጋል። ስለዚህ የአዛውንቱ ጥያቄ መልስ በሕጋችን ውስጥ ከስድሳ ዓመት በላይ ተጽፎ ኖሯል። ችግሩ ያለው አንቀጽ 2116 ላይ ነው፤ ለሕሊና ጉዳት የሚከፈለው ካሣ ከ1000 ብር እንዳይበልጥ ይገድባል። በማንነቱ ምክንያት ልጁ የተገደለበት አባት ለሐዘኑ የሚያገኘው ከፍተኛው ካሣ ዛሬ ለለቅሶ ድንኳን ኪራይ እንኳ አይበቃም። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 84 ጥላቻን ቅጣት ማክበጃ አድርጎታል። በ2012 ዓ.ም. የወጣው አዋጅ ቁጥር 1185ም የጥላቻ ንግግር ጥቃት ካስከተለ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት እስራት ይቀጣል። ሁለቱም ግን የሚቆሙት ወህኒ ቤት በር ላይ ነው፤ የሟች ቤተሰብ የሚያገኘው ነገር የለም።

ባለፉት ዓመታት በአገራችን ስንቱ በማንነቱ ምክንያት ተገደለ፣ ስንቱ ተፈናቀለ! አነሳሾችን በፍትሐ ብሔር ከስሶ ንብረታቸውን ያስያዘ ጠበቃ ግን አላጋጠመኝም። የሕግ ባለሙያዎች ማኅበራት ይህን ሥራ ለምን አይሞክሩትም? ምክር ቤቱስ የ1000 ብሩን ጣሪያ የሚያነሳው መቼ ነው?

ሚስኪ እ.ኤ.አ. በ2011 በእስር ላይ እያለ ሞተ። ሜትዝገርም በ2020 አረፈ። ሙሉጌታ በወደቀበት መንገድ ላይ ደግሞ ከሞተ 30 ዓመት ሲሞላው የፖርትላንድ ከተማ ስሙን የያዙ ምልክቶች ተክላለች። የሰቆጣው አዛውንት ታሪኩን ከሰሙ በኋላ ጥቂት ዝም ብለው ቆዩና እንዲህ ያለ ክስ በእኛ አገር ይቻል እንደሆነ ጠየቁኝ። ሕጉ እንደሚፈቅድ ነገርኳቸው። ታዲያ ለምን እንዳልተሞከረ ሲጠይቁኝ ግን የምመልሰው አልነበረኝም።