ሚላሬፓና የአባቱ አደራ

በእድራችን ስብሰባ ላይ የወላጅ አልባ ልጆች ንብረት ጉዳይ ሳይነሳ የቀረበት ጊዜ የለምና፣ ዘንድሮ ከሩቅ አገር አንድ ታሪክ ብናመጣ አባሎቻችን አይጠሉብንም። ሰውየው ሚላሬፓ ይባላል፤ በ11ኛው መቶ ዓመት በቲቤት፣ ወደ ኔፓል ጠረፍ በሚጠጋው አገር ተወለደ። የታወቀው የሕይወት ታሪኩ የተጻፈው እ.ኤ.አ. በ1488 ማለት ከሞተ ከ350 ዓመት በላይ ቆይቶ በመሆኑ፣ እውነቱና አፈ ታሪኩ ተቀላቅሎ ነው የደረሰን።

አባቱ ሀብታም ነበር። ልጁ ሰባት ዓመት ሲሆነው አባት ታሞ ሊሞት ሲል፣ ልጁ አድጎ እስኪረከብ ድረስ ንብረቱን ሁሉ ለአጎትየውና ለአክስትየው አደራ ሰጠ። እነሱ ግን የመቃብሩ አፈር ሳይደርቅ እናቲቱን፣ ልጁንና እኅቱን ፔታን እንደ ገረድና እንደ አሽከር ያሠሯቸው ጀመር። ልጁ 15 ዓመት ሲሞላው እናቲቱ ደግሳ፣ ዘመድ ጎረቤት ጠርታ፣ በሰው ፊት አደራውን ብትጠይቅ፣ ንብረቱ ጥንቱንም የራሳቸው እንደ ነበረ ተናግረው አዋረዷት። እሷም ከእርሻዋ ግማሹን ሸጠችና ልጇን መተት እንዲማር ላከችው። በአጎትየው ልጅ ሠርግ ቀን ቤቱ ተደርምሶ 35 ሰው አለቀ፤ አደራ በላዎቹ ግን ተረፉ! ቀጥሎም በረዶ አውርዶ የአገሩን አዝመራ አጠፋ። በደሉ እውነት ቢሆንም ሠርገኛው ምን አደረገ? እሱንም እንቅልፍ የነሳው ይኸው ነገር ነው።

በጸጸት ወደ ማርፓ ሄደ። ማርፓ ገበሬም ተርጓሚም ሲሆን ሕንድ ተመላልሶ ከናሮፓ ተምሯል፤ ናሮፓም ሕንዶች 84 ብለው ከሚቆጥሯቸው የታንትራ ቡድሂስት ባለ ተአምር ጠቢባን አንዱ ነው። ማርፓ ትምህርቱን በቀላሉ አልሰጠውም። ብቻውን ግንብ እንዲሠራ ያዘዋል፣ ሲያጋምሰው ደግሞ አፍርሶ ድንጋዩን ወደ ነበረበት እንዲመልስ። ይህም ተደጋገመ። ጀርባው ሲቆስል የማርፓ ሚስት ዳክሜማ ተደብቃ ታክመውና ታበላው ነበር፤ እኛስ ከባልየው ይልቅ እሷን ወደናታል። በመጨረሻ ሠራው የሚባለው ባለ ዘጠኝ ደርብ ግንብ በደቡብ ቲቤት ዛሬም ቆሟል።

ከዓመታት በኋላ አገሩ ሲገባ ቤቱ ፈራርሶ፣ የእናቱ አጥንት ከአፈርና ከቡትቶ ጋር ተቀላቅሎ አገኘው። የሚቀብራት ሰው አልነበረም። እኛ የእድር ሰዎች ይህችን ስንሰማ ዝም ብለን ማለፍ አልቻልንም።

ከዚያ ወዲያ ዋሻ ገባ። ሳማ ብቻ እየቀቀለ ሲበላ ገላው አረንጓዴ ሆነ ይባላል። ያችው አክስት የቀረችውን እርሻ በበሶ ልትለውጠው ብትመጣ ቤቱንም ጨምሮ ሰጣት። ኋላም ተጸጽታ ስትመለስ ፔታ ድልድዩን አንስታ ከለከለቻት፤ እሱ ግን ተቀብሎ አስተማራት።

ሲሞት ከምድጃው ሥር ወርቅ እንደ ቀበረ ተናዞ ነበርና ደቀ መዛሙርቱ ቆፈሩ። ያገኙት አንድ ቁራጭ ጨርቅ፣ አንድ ቢላዋና አንድ አንኳር ስኳር ነው። አብሮ የነበረው ወረቀትም ጨርቁንና ስኳሩን በቢላዋው እየቆረጡ ለሕዝብ እንዲያድሉ፣ ሚላሬፓ ወርቅ ነበረው የሚል ሰው ቢገኝ ግን አፉን በፋንድያ እንዲሞሉለት ያዛል። ጨርቁና ስኳሩ ቢቆረጥ ቢቆረጥ አላልቅ ብሎ ለተሰበሰበው ሁሉ ተዳረሰ ይላሉ።