ባዶው በርሜል፤ የቤንጃሚን ሊ ዎርፍ የሕይወት ታሪክ

ሰው በቋንቋው ያስባልን ወይስ ቋንቋው ያስብለታል? ይህን ጥያቄ ይዘው ከደከሙት ሰዎች መካከል እጅግ የታወቀው የዩኒቨርሲቲ ፕሮፌሰር ሳይሆን የእሳት አደጋ መርማሪ ነበረ። የዚህን ሰው ሕይወት ለአንባቢዎቻችን ባጭሩ ልንነግር እንወዳለን። ዓመተ ምሕረቱን የምንጽፈው እንደ አውሮፓውያን አቈጣጠር ነው።

ቤንጃሚን ሊ ዎርፍ በ1897 በአሜሪካ፥ በማሳቹሴትስ ግዛት ዊንትሮፕ በምትባል ከተማ ተወለደ። በ1918 ከማሳቹሴትስ የቴክኖሎጂ ተቋም በኬሚካል ምሕንድስና ተመረቀ። በሚቀጥለውም ዓመት በሃርትፎርድ ከተማ በአንድ የእሳት ኢንሹራንስ ኩባንያ ተቀጥሮ ፋብሪካዎችን እየዞረ ይመረምር ጀመር። እስከ ሞተበት ዓመት ድረስም ከዚህ ሥራ አልተለየም።

በመጀመሪያ የእሳቱን ምክንያት የሚፈልገው ከኤሌክትሪክ ሽቦና ከጭስ ማውጫ ነበረ። ኋላ ግን ሌላ ነገር ተገለጠለት። ሠራተኞች ቤንዚን የሞላበት በርሜል ባለበት ስፍራ ይጠነቀቃሉ፤ ባዶ በርሜል በተከማቸበት ስፍራ ግን ያለ ሥጋት ሲጋራ ያጨሳሉ። ዳሩ ግን ቤንዚኑ የተቀዳለት በርሜል ተን ስለሚቀርበት ከሞላው ይልቅ የሚያሠጋ ነው። እኛም በአማርኛ ያንኑ በርሜል «ባዶ» እንለዋለንና ከዚህ ስሕተት ነጻ ነን ለማለት አንደፍርም። በሌላ ፋብሪካ ደግሞ ማጣሪያዎቹ ከኖራ ድንጋይ በተሠራ ነገር ተሸፍነው ነበር። ድንጋይ ይቃጠላል ብሎ የጠረጠረ ስላልነበረ ሽፋኑን ከእሳት የጠበቀው የለም። ነገር ግን የአሲድ ተን ሽፋኑን ለውጦት ኖሮ እሳት በነካው ጊዜ ክፉኛ ነደደ። ዎርፍ ከዚህ የተማረው፥ ሰው የሚጠነቀቀው ወይም የሚዘናጋው ለነገሩ ለራሱ ሳይሆን ለስሙ መሆኑን ነው።

ወደ ቋንቋ ጥናት ያስገባው ግን ሌላ ምክንያት ነው። የሃይማኖትና የሳይንስ ክርክር ያስጨንቀው ስለ ነበረ በመጀመሪያ ዕብራይስጥ ተማረ፤ ከዚያም ወደ ሜክሲኮ ጥንታውያን ቋንቋዎች ተሻገረ። በ1931 ኤድዋርድ ሳፒር በዬል ዩኒቨርሲቲ ማስተማር ሲጀምር ዎርፍ ተማሪው ሆነ። ከዚህም በኋላ በኒውዮርክ ከሚኖር አንድ የሆፒ ተወላጅ ዘንድ የሆፒን ቋንቋ አጠና። የሆፒ ሕዝብ በአሪዞና የሚኖር የአሜሪካ ጥንታዊ ነዋሪ ነው፤ ዎርፍም አገራቸውን በ1938 ጐበኘ።

በዚህ ጥናቱ ሆፒዎች እንደ አውሮፓውያን ጊዜን የሚያመለክት ቃልም ሆነ ሰዋስው የላቸውም፥ ስለዚህ ዓለሙን የሚያዩት በሌላ ዐይን ነው ሲል ጻፈ። በ1941 በካንሰር በሽታ ሲሞት ዕድሜው 44 ዓመት ብቻ ነበረ። ጽሑፎቹ በ1956 ተሰብስበው በመጽሐፍ ከወጡ በኋላ ስሙ ገነነ። እርሱ በጥንቃቄ የተናገረውን ሌሎች አጋነኑት፤ ቃል የሌለው ሐሳብ የለውም፥ ቋንቋም ዓለምን ይፈጥራል የሚል፥ ማስረጃ የሌለው ሳይንስ ተሠራበት።

በ1983 ግን ኤክሃርት ማሎትኪ የተባለ ሊቅ በሆፒዎች ዘንድ ተቀምጦ ካጠና በኋላ ከ600 ገጽ የሚበልጥ መጽሐፍ አሳተመ። ሆፒዎች ቀኑን፥ ወሩን፥ ወቅቱን፥ የሚመጣውንም ጊዜ በሚገባ የሚናገሩበት ቋንቋ እንዳላቸው መጽሐፉ በብዙ ምሳሌ አስረዳ።

እንግዲህ ዎርፍ የደከመው በከንቱ ነውን? አይደለም። በ2007 የታተመ አንድ ጥናት እንደሚያሳየው፥ ለደማቅና ለፈዛዛ ሰማያዊ ሁለት የተለያዩ ስሞች ያሏቸው ሩሲያውያን ሁለቱን ቀለሞች በጥቂቱ ፈጥነው ይለያሉ። ቋንቋ ዐይንን ያዘነብላል እንጂ አያሳውርም ማለት ነው።

እኛ የቋንቋና የታሪክ ተማሪዎች ከዚህ ሕይወት የምናገኘው ትምህርት ሁለት ወገን ነው። ዎርፍ በፋብሪካው ውስጥ ስሙን ትቶ ዕቃውን ስለ መረመረ እውነቱን አገኘ። ስለ ሆፒዎች በጻፈ ጊዜ ግን ከጥቂት ማስረጃ ተነሥቶ ስለ አንድ ሕዝብ አሳብ ሁሉ ፈረደ። አንድ ሕዝብ ይህን ማሰብ አይችልም ብሎ ከመጻፍ በፊት ወደ ባለቤቶቹ ሄዶ፥ ደጋግሞ ጠይቆ፥ ታግሦ መስማት ይገባል። ያለዚያ የሌላው ቋንቋ ባዶ መስሎ የሚታየን፥ በርሜሉን ቀርበን ሳናይ ስሙን ብቻ ስላመንን ይሆናል።