ዲዮቅልጥያኖስ ቄሣርና የገበያው ዐዋጅ

ዲዮቅልጥያኖስ የሚለው ስም በኢትዮጵያ ቤተ ክርስቲያን ዘንድ እጅግ የታወቀ ነው። ስንክሳሩ ሲነበብ የሰማዕታትን ደም ያፈሰሰ ንጉሥ ሆኖ ይጠራል፤ የባሕረ ሐሳብ ሊቃውንትም ዓመተ ሰማዕታትን መቁጠር የሚጀምሩት እርሱ ከነገሠበት ዓመት፥ ማለት በአውሮፓውያን አቆጣጠር ከ284 ዓ.ም. ነው። (ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በዚሁ አቆጣጠር ናቸው።) ይሁን እንጂ ይህ ሰው ስለ ሌላም ሥራው ይታወሳል። እርሱም የስንዴን፥ የሥጋን፥ የጫማንና የቀን ሠራተኛን ዋጋ በሞት ቅጣት አስፈራርቶ በዐዋጅ ለመወሰን ያደረገው ሙከራ ነው።

የተወለደው በ244 ዓ.ም. ገደማ በአድርያቲክ ባሕር ዳርቻ በድልማጥያ፥ በሳሎና ከተማ አጠገብ ሲሆን፥ የመጀመሪያ ስሙ ዲዮቅሌስ ነበረ። የግብጽ ክርስቲያኖች ትውፊት የፍየል ጠባቂ ያደርገዋል፤ የሮማ ታሪክ ጸሓፊዎች ግን አንዳንዶቹ የጸሓፊ ልጅ፥ አንዳንዶቹም ከባርነት ነጻ የወጣ ሰው ነው ይላሉ። የትኛውም ቢሆን ከዝቅተኛ ቤት መውጣቱ አያከራክርም።

በዚያ ዘመን የሮማ ዙፋን የሚገኘው በሠራዊቱ ፈቃድ ነበረ። ከ235 እስከ 284 ዓ.ም. ባለው ጊዜ ውስጥ ከሃያ የሚበልጡ ነገሥታት ተፈራርቀዋል፤ ከእነርሱም መካከል በሰይፍ ሳይሆን በሕመም የሞተው ጥቂት ነው። ዲዮቅሌስ የንጉሡ የክብር ዘበኛ አለቃ ሳለ፥ ወጣቱ ንጉሥ ኑሜርያኖስ ከፋርስ ዘመቻ ሲመለስ በተሸፈነ ቃሬዛው ውስጥ ሞቶ ተገኘ። በኖቬምበር 20 ቀን 284 ዓ.ም. ወታደሮቹ በኒቆምድያ አጠገብ ተሰብስበው ዲዮቅሌስን አነገሡት። እርሱም በሠራዊቱ ፊት ቆሞ የንጉሡ ገዳይ ነው ያለውን አጴር የተባለውን ሹም በገዛ እጁ ገደለው። ሰውየው እውነተኛው ገዳይ ስለ መሆኑ ምርመራ አልተደረገም፤ ሙትም መልስ አይሰጥም።

የነገሠው ሰው ግን የጦር ሰው ብቻ አልነበረም። መንግሥቱ ለአንድ ሰው እጅግ እንደ ሰፋ ተረድቶ በ286 መክሲምያኖስን የዙፋኑ ተካፋይ አደረገው፤ በ293 ደግሞ ቆንስጣንጥዮስና ጋሌርዮስ ተጨምረው አገዛዙ በአራት ሰዎች ተከፈለ። አውራጃዎቹን እየከፋፈለ ከሃምሳ ገደማ ወደ መቶ ገደማ አደረሳቸው። ግብጽ ባመፀችበትም ጊዜ ራሱ ወርዶ እስክንድርያን ለብዙ ወራት ከብቦ ያዛት። ከዚያም የደቡቡን ወሰን እስከ ፊላይ ድረስ ወደ ሰሜን መለሰ፤ በአባይና በቀይ ባሕር መካከል ይኖሩ ለነበሩት ለብሌምዮች፥ ብዙ ሊቃውንት የዛሬዎቹ የቤጃ ሕዝቦች አባቶች ናቸው ለሚሏቸው፥ ወረራቸውን እንዲያቆሙ በየዓመቱ ወርቅ እንዲከፈላቸው ወሰነ። በዚሁ ዘመን አቅራቢያ የአክሱሙ ንጉሥ እንዱቢስ በስሙ የወርቅ ገንዘብ ያስመታ ነበር።

ይህ ሁሉ ሥራ ወጪ ነበረው። አራት ነገሥታት ማለት አራት አደባባይ፥ አራት ግምጃ ቤት፥ አራት ጭፍራ ማለት ነው። የሹማምንቱና የጸሓፊዎቹ ቁጥር አደገ፤ ሠራዊቱም በረከተ። ግብሩ በመሬትና በሰው ቁጥር ተመድቦ፥ ብዙው በእህል፥ በዘይትና በልብስ ዓይነት ይሰበሰብ ነበር። ደመወዝ የሚከፈለው ግን በገንዘብ ነው፤ የገንዘቡም ነገር ከዲዮቅልጥያኖስ በፊት ተበላሽቶ ቆይቷል። የቀደሙት ነገሥታት ወታደሩን ለመክፈል ብር ሲያጥራቸው በብሩ ላይ መዳብ እየደባለቁ ያስመቱ ነበርና፥ በ270 ዓ.ም. ገደማ የብር ገንዘብ ተብሎ የሚጠራው ከመቶው አምስት እጅ እንኳ ብር አልነበረበትም። ዲዮቅልጥያኖስ በ294 ገደማ ንጹሕ ብር አስመታ፤ ወርቁንም በሚዛን አስተካከለ። ነገር ግን ከዚህ ጋራ በብር በስሱ የተለበጠ የነሐስ ገንዘብ በብዛት አወጣ። ሕዝቡም መልካሙን ብርና ወርቅ በየቤቱ ሸሸገ፤ በገበያ የሚዞረው ነሐሱ ብቻ ሆነ። በመስከረም 301 ደግሞ መንግሥቱ የብሩንና የነሐሱን ገንዘብ ስም ዋጋ በአንድ ቀን እጥፍ እንዲሆን ዐወጀ። ገንዘቡ በስም እጥፍ ሲሆን የሚገዛው ዕቃ ግን እጥፍ ስላልሆነ፥ የዕቃው ዋጋ ወደ ላይ መውጣቱን ቀጠለ።

እንግዲህ በ301 መጨረሻ ታላቁ የዋጋ ዐዋጅ ወጣ። በመግቢያው የውድነቱ ምክንያት የነጋዴዎች ስስት ብቻ እንደ ሆነ ይናገራል፤ ወታደሩ ደመወዙን በአንድ ግዢ እንደሚጨርስም ያማርራል። ስለ ገንዘቡ መርከስ ግን አንዲት ቃል የለበትም። ከመግቢያው ቀጥሎ ከ1,200 የሚበልጡ ዕቃዎችና ሥራዎች እያንዳንዳቸው ሊያልፉት የማይገባቸው ዋጋ ተጽፎላቸዋል። አንድ የሠራዊት ሞዲዮስ ስንዴ 100 ዲናር፥ ገብስ 60፤ አንድ ሊብራ የዓሣማ ሥጋ 12፥ የላም ሥጋ 8፤ የእርሻ ሠራተኛ ከምግቡ ጋራ በቀን 25፥ አናጢ 50፤ ፊደል የሚያስተምር መምህር ስለ አንድ ልጅ በወር 50፤ አንድ ሊብራ ወርቅ 72,000፤ አንደኛ ደረጃ ወንድ አንበሳ 150,000። የጸሓፊዎች እንኳ አልተረሱም፤ በመልካም እጅ ለተጻፈ 100 መሥመር 25 ዲናር፥ እጁ ያነሰ እንደ ሆነ 20 ይከፈላል። በዘመኑ የመንግሥት ጸሓፊ ምን ያህል ትዕግሥት እንደ ነበረው ከዚህ ዝርዝር ይታያል።

ከተጻፈው በላይ የሚሸጥ በሞት እንዲቀጣ ታዘዘ። ከተጻፈው በላይ የሚገዛም እንዲሁ፤ ዕቃውን ከገበያ አውጥቶ የሚደብቅም እንዲሁ።

የዐዋጁ ትልቁ ጉድለት ግን ከቅጣቱ ይልቅ በአሠራሩ ላይ ነው። ዋጋው በመላው ግዛት አንድ ነበር። ከእስክንድርያ እስከ ሮማ ለአንድ ሞዲዮስ የመርከብ ኪራይ 16 ዲናር እንዲሆን ያው ዐዋጅ ራሱ ይወስናል፤ የስንዴው ዋጋ ግን በእስክንድርያም በሮማም ከ100 እንዳያልፍ ይከለክላል። ስንዴው በሁለቱም ከተማ 100 ከደረሰ፥ ከአንዱ ገዝቶ ባሕር አሻግሮ በሌላው የሚሸጥ ነጋዴ ኪራዩን ከኪሱ ሊከፍል ነው። ስለዚህ እህል ሞልቶ በተረፈበት አገር ይቀመጣል እንጂ ወደ ተራበው አገር አይሄድም። ክፉ ዘመን ሲመጣ ዋጋው ከፍ ብሎ ነጋዴውን ከሩቅ ይጠራው የነበረው ይህ መንገድ ሕጉ የዘጋው መንገድ ነበረ፤ ያውም ድኾችን ለመርዳት ተብሎ።

በኒቆምድያ የንግግር ጥበብ መምህር የነበረው ላክታንስዮስ ስለ ነገሩ ጽፏል። እርሱ እንደሚለው ስለ ርካሽና ስለ ጥቃቅን ዕቃ ብዙ ደም ፈሰሰ፤ ከፍርሃት የተነሣ የሚሸጥ ነገር ከገበያ ጠፋ፤ ውድነቱም ከፊተኛው ይልቅ ባሰ፤ በመጨረሻም ብዙዎች ከሞቱ በኋላ ሕጉ በችግር ብዛት ተሻረ። ላክታንስዮስ ክርስቲያንና የንጉሡ ብርቱ ጠላት ስለ ነበረ ምስክርነቱን በጥንቃቄ መመልከት ይገባል። ሆኖም በግብጽ አሸዋ ውስጥ የተገኙት የፓፒሩስ ወረቀቶች ማንንም ለመክሰስ ያልተጻፉ የግምጃ ቤት ሒሳቦች ናቸው፤ በእነርሱም ውስጥ ዐዋጁ 72,000 ያለው አንድ ሊብራ ወርቅ ጥቂት ዓመታት ቆይቶ ወደ 100,000 ዲናር ገደማ ደርሶ ይገኛል። ሕጉ በሥራ ላይ ቢውል ኖሮ ይህ ባልሆነም ነበር።

በየካቲት 303 የክርስቲያኖች ስደት ተጀመረ፤ በኒቆምድያ የነበረው ቤተ ክርስቲያን ፈረሰ፥ መጻሕፍት ተቃጠሉ፥ በግብጽና በፍልስጥኤምም ስደቱ እጅግ የጸና ሆነ። ይህ በሌላ ስፍራ በሰፊው የተጻፈ ስለ ሆነ እዚህ መድገሙ አያስፈልግም።

በሜይ 1 ቀን 305 ዓ.ም. ዲዮቅልጥያኖስ ታሞ ከቆየ በኋላ በገዛ ፈቃዱ ዙፋኑን ለቀቀ፤ ከሮማ ነገሥታት እንዲህ ያደረገ ከእርሱ በፊት አልነበረም። በትውልድ አገሩ፥ በስፓላቶ ባሠራው ቤተ መንግሥት ተቀምጦ አትክልት መትከል ያዘ። በ308 ወደ ሥልጣን እንዲመለስ ቢለምኑት የተከለውን ጎመን እያመሰገነ እምቢ አለ ይባላል። የአራቱ ነገሥታት ሥርዓት በዐይኑ ፊት ፈርሶ፥ ተተኪዎቹ እርስ በርሳቸው ሲዋጉ አይቶ፥ በ311 ወይም በ312 ገደማ ሞተ። የግዛቱን ወጪ የተሸከመው ገባር ግን ሸክሙ አልቀለለለትም፤ ገበሬው መሬቱን እየተወ ስለ ሸሸ፥ በ332 ቆንስጣንጢኖስ የሸሸውን ጭሰኛ አስሮ ወደ መሬቱ መመለስ የሚፈቅድ ሕግ አወጣ።

የዲዮቅልጥያኖስ መቃብር ቤት በ7ኛው መቶ ዓመት ቤተ ክርስቲያን ሆነ፤ የተሰየመውም በእርሱ ዘመን በሳሎና በተገደለው ኤጲስ ቆጶስ በቅዱስ ዶምኒዮስ ስም ነው። የዋጋው ዐዋጅ የተቀረጸባቸው የድንጋይ ሰሌዳዎች አብዛኞቹ በምሥራቁ ክፍል ተሰባብረው ተገኝተዋል። በግሪክ አገር፥ ጌራኪ በምትባል መንደር ያለው አንዱ ሰሌዳ የቅዱስ ዮሐንስ አፈ ወርቅ ቤተ ክርስቲያን የበር መቃን ሆኖ ቆሟል፤ ፊደሉም እስከ ዛሬ ይታያል።