ከአራዳ ሜዳ እስከ አፍሪካ ሸንጎ፤ የይድነቃቸው ተሰማ ሕይወትና ሥራ

የእግር ኳስ ክለብ የሚያቋቁሙ ወጣቶች ዘወትር የሚያሳስባቸው የሚቀጥለው ግጥሚያ ነው። ኳሱ ከየት እንደሚገኝ፣ ሜዳውን ማን እንደሚፈቅድ፣ ማልያው በምን ገንዘብ እንደሚሰፋ ሲጨነቁ፣ ያቋቋሙት ቡድን ከእነርሱ ዕድሜ አልፎ ለሌላ ትውልድ ይተርፋል ብለው እምብዛም አያስቡም። በ1928 ዓ.ም. ታኅሣሥ ወር አየለ አትናሽና ጆርጅ ዱካስ በአዲስ አበባ አራዳ ሰፈር የቅዱስ ጊዮርጊስን ቡድን ሲመሠርቱም ሁኔታው ከዚህ የተለየ አልነበረም። በዚያን ጊዜ የኢጣልያ ጦር በሰሜን ድንበሩን ተሻግሮ የሀገሪቱ ህልውና በአደጋ ላይ ነበር። ይሁን እንጂ በዚያ ክፉ ዘመን ከተሰባሰቡት ልጆች መካከል፣ ከጊዜ በኋላ የአንድ አህጉር እግር ኳስ መሪ ለመሆን የበቃ አንድ የ14 ዓመት ወጣት ተገኘ። እርሱም ይድነቃቸው ተሰማ ነው።

አቶ ይድነቃቸው የተወለዱት መስከረም 1 ቀን 1914 ዓ.ም. በጅማ ነው። አባታቸው ነጋድራስ ተሰማ እሸቴ በቅኔያቸውና በዜማቸው የታወቁ፣ በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ወደ ጀርመን ሀገር ተልከው አውቶሞቢል መንዳትን የተማሩና በዚያው ሳሉ ድምፃቸውን በሸክላ ላይ ያስቀረጹ ሰው ነበሩ። ልጃቸው በቅኔ ፋንታ ኳስን መረጠ። ሆኖም ሰው በተሰበሰበበት ሸንጎ ቆሞ ሐሳብን በቁርጥ ቃል የመግለጽ ችሎታ የአባቱን ቤት ያስታውሳል።

ቡድኑ በተቋቋመ በአምስተኛው ወር፣ ሚያዝያ 27 ቀን 1928 ዓ.ም. አዲስ አበባ በጠላት እጅ ወደቀች። ፋሽስቱ አገዛዝ ነጭና ጥቁርን በመኖሪያ፣ በመጓጓዣና በመዝናኛ ሥፍራ የሚለያይ ሕግ ሲደነግግ፣ የኳሱ ሜዳም ከዚሁ አላመለጠም። የአራዳ ልጆች ቡድን የመረጠውን ስም ተነጥቆ ሊቶሪዮ ውቤ ሰፈር ተብሎ እንዲጠራ ተደረገ። ሊቶሪዮ የሚለው ቃል ከፋሽስቶቹ ዓርማ የተወሰደ ነው። እንግዲህ ወጣቱ ተጫዋች ገና በለጋ ዕድሜው የገዢውን ዓርማ ስም በተሸከመ ቡድን ውስጥ መጫወት ምን እንደሆነ አየ። ቆይቶ በዓለም አቀፍ ጉባዔዎች ላይ ስለ ዘር መድልዎ ሲከራከር፣ ጉዳዩን በዕለት ኑሮው የቀመሰው እንጂ ከመጽሐፍ ብቻ ያነበበው አልነበረም።

ከ1933ቱ ነፃነት በኋላ ክለቡ ስሙን መለሰ። በጊዜው በአዲስ አበባ ይደረጉ የነበሩት ግጥሚያዎች የየማኅበረሰቡ ቡድኖች የሚፎካከሩባቸው ነበሩ። አርመኖቹ አራራትን፣ ግሪኮቹ ኦሊምፒያኮስን፣ ኢጣልያኖቹ ፎርቲቱዶን፣ የእንግሊዝ ወታደራዊ ሚሲዮንም የራሱን ቡድን ያሰለፉ ሲሆን፣ ኢትዮጵያውያንን የወከለው ቅዱስ ጊዮርጊስ ነበር። እነዚህ አምስት ቡድኖች እ.ኤ.አ. በ1944 ባደረጉት የመጀመሪያ ውድድር ዋንጫውን የወሰደው የእንግሊዞቹ ቡድን ነው። ቅዱስ ጊዮርጊስ የመጀመሪያውን የሻምፒዮንነት ማዕረግ ያገኘው ከስድስት ዓመት በኋላ እ.ኤ.አ. በ1950 ነው። ትናንት በገዛ ሀገሩ ዝቅ ተደርጎ ይታይ ለነበረ ሕዝብ፣ በእኩል ደንብና በአንድ ዳኛ ፊት ከባዕዳኑ ቡድኖች ጋር ተጋጥሞ ማሸነፍ ከጨዋታ የላቀ ትርጉም ነበረው።

አቶ ይድነቃቸው ለዚሁ ለአንድ ክለብ 23 ዓመታት ተጫውተዋል። በአጥቂነት በ365 ግጥሚያዎች ተሰልፈው 318 ግቦችን እንዳስቆጠሩ ተመዝግቧል። በ1940 ዓ.ም. ጅቡቲን 5 ለ 0 በማሸነፍ ጉዞውን ለጀመረው ብሔራዊ ቡድንም ተሰልፈው ተጫውተዋል። ከዚህ ሁሉ ጎን ለጎን የድርጅት ሥራን ተማሩ። ደብዳቤ መጻፍ፣ ቃለ ጉባዔ መያዝ፣ የውድድር ደንብ ማርቀቅ፣ ሜዳ ማስፈቀድ፣ የተጣሉትን ማስታረቅ ብዙዎች የሚሸሹት ሥራ ነው። እርሳቸው ግን ያለዚህ ሥራ ጨዋታው ራሱ እንደማይቆም የተረዱት ገና ማልያ ሳያወልቁ ነው። እ.ኤ.አ. በ1943 የተቋቋመው የኢትዮጵያ እግር ኳስ ፌዴሬሽን እየተጠናከረ ሄዶ የዓለም አቀፉ ፌዴሬሽን የፊፋ አባል ለመሆን ሲበቃ፣ በውጭ ሀገር ስለ ሀገሩ የሚናገር ሰው አላጣም።

የካቲት 1949 ዓ.ም. የግብፅ፣ የሱዳን፣ የኢትዮጵያና የደቡብ አፍሪካ ተወካዮች በካርቱም ተሰብስበው የአፍሪካ እግር ኳስ ኮንፌዴሬሽንን መሠረቱ። ኢትዮጵያን የወከሉት አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። አዲሱ ማኅበር ገና በተወለደበት ሰሞን ከባድ ፈተና ገጠመው። ደቡብ አፍሪካ ለመጀመሪያው የአፍሪካ ዋንጫ ወይ ነጮች ብቻ፣ ወይ ጥቁሮች ብቻ ያሉበት ቡድን እንጂ የተቀላቀለ ቡድን አልልክም አለች። የቀሩት ሦስቱ አባላት ይህንን ሳይቀበሉ ቀሩ። በዕጣው መሠረት ከደቡብ አፍሪካ ጋር መጋጠም የነበረባት ኢትዮጵያ ያለ ጨዋታ ለፍጻሜ አለፈችና በግብፅ 4 ለ 0 ተሸነፈች፤ አራቱንም ግቦች ያስቆጠረው አድ ዲባ ነበር። ውድድሩ ሦስት ቡድን ብቻ ቀረው። አባላቱ በጥቂት ብቻ የሚቆጠሩ አንድ ማኅበር ከመካከላቸው አንዱን በመርሕ ምክንያት ማሰናበቱ ቀላል ውሳኔ አይደለም። ካፍ በኋላ ያገኘው ክብር ግን ከዚህ ውሳኔ የሚመነጭ ነው።

ከአምስት ዓመት በኋላ ሦስተኛው የአፍሪካ ዋንጫ በአዲስ አበባ ተዘጋጀ። ብሔራዊ ቡድኑን የመሩት አቶ ይድነቃቸው ነበሩ። ኢትዮጵያ ቱኒዝያን 4 ለ 2 አሸንፋ ለፍጻሜ ደረሰች። ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. በተደረገው የፍጻሜ ግጥሚያ ከአምስት ዓመት በፊት ካሸነፈቻት ከግብፅ ጋር ተገናኘች። ኢትዮጵያ ሁለት ጊዜ ተመርታ ሁለት ጊዜ አቻ ከሆነች በኋላ ጨዋታው ወደ ጭማሪ ሰዓት አመራ፤ በዚያም ኢታሎ ቫሳሎና መንግሥቱ ወርቁ ባስቆጠሯቸው ግቦች 4 ለ 2 ተፈጸመ። ዋንጫውን ከቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ እጅ የተቀበለው የቡድኑ አምበል ሉቻኖ ቫሳሎ፣ ከኢጣልያዊ አባትና ከኤርትራዊት እናት የተወለደ ተጫዋች ነበር። ፋሽስቶች በዘር ከፋፍለውት በነበረው ከተማ የተለያየ የትውልድ ሐረግ ያላቸው ልጆች በአንድ ማልያ አህጉሩን አሸነፉ።

አቶ ይድነቃቸው እ.ኤ.አ. ከ1964 ጀምሮ የካፍ ምክትል ፕሬዚዳንት ሆኑ። በዚያው ዓመት ሁለት ትልልቅ ጉዳዮች በአንድነት ደረሱ። የመጀመሪያው የደቡብ አፍሪካ ነገር ነው። ፊፋ እ.ኤ.አ. በ1961 የነጮቹን ፌዴሬሽን አግዶ የነበረ ቢሆንም፣ በእንግሊዛዊው ፕሬዚዳንት በሰር ስታንሊ ራውስ ጊዜ እገዳው በ1963 ተነሣ። የአፍሪካ ተወካዮች ተባብረው በ1964ቱ የቶኪዮ ጉባዔ እገዳው እንዲመለስ አስደረጉ። ሁለተኛው የዓለም ዋንጫ ነው። ለ1966ቱ ውድድር ከተመደቡት 16 ቦታዎች መካከል ለአፍሪካ፣ ለእስያና ለኦሺያንያ በአንድነት የተሰጠው አንድ ቦታ ብቻ ነበር። የአፍሪካ ሻምፒዮን የሆነው ቡድን ከሌላው አህጉር አሸናፊ ጋር እንደገና ተጋጥሞ ካላሸነፈ በስተቀር የዓለምን ዋንጫ አያይም ማለት ነው። የጋናው ኦሄኔ ጃንና አቶ ይድነቃቸው ይህን በጽኑ ተቃወሙ፤ የአፍሪካ ቡድኖችም ከማጣሪያው በሙሉ ወጡ።

ይህ እርምጃ ዋጋ አስከፍሏል። በዚያን ጊዜ ብርቱ የነበረው የጋና ቡድን በዓለም መድረክ ሊታይ የሚችልበትን ዕድል አጣ፤ ፊፋም በወጡት ላይ የገንዘብ ቅጣት ጣለ። ይሁን እንጂ ለ1970 የዓለም ዋንጫ አፍሪካ የራሷን አንድ ቦታ አገኘች፤ ሞሮኮም በሜክሲኮ ተሰለፈች። በ1978 ቱኒዝያ ሜክሲኮን 3 ለ 1 አሸንፋ የመጀመሪያውን የአፍሪካ ድል አስመዘገበች። በ1982 ቦታው ሁለት ሲሆን አልጄሪያ ምዕራብ ጀርመንን 2 ለ 1 ረታች። በሸንጎ የተገኘ ቦታ በሜዳ ሲጸና የታየው ያን ጊዜ ነው።

አቶ ይድነቃቸው እ.ኤ.አ. በ1972 የካፍ ፕሬዚዳንት ሆነው ተመርጠው ለ15 ዓመታት መርተዋል። ከ1971 ጀምሮም የዓለም አቀፉ የኦሊምፒክ ኮሚቴ አባል ነበሩ። በሀገራቸው በ1966 ዓ.ም. መንግሥት ሲለወጥ ብዙ ባለሥልጣናት ከቦታቸው ሲነሱ፣ እርሳቸው አፍሪካውያን በድምፃቸው በሰጧቸው ሥልጣን ላይ ቆዩ። የዋንጫ አሸናፊዎች ውድድር እ.ኤ.አ. በ1975፣ የወጣቶች ሻምፒዮና በ1979 የተጀመሩት በእርሳቸው ዘመን ነው። ደቡብ አፍሪካም በ1976ቱ የሞንትሪያል ጉባዔ ከፊፋ ጨርሳ ተባረረች።

በሁሉም ነገር ጊዜ ከእርሳቸው ጋር ቆሟል ማለት ግን አይቻልም። የአፍሪካ ተጫዋቾች ወደ አውሮፓ ክለቦች መፍለሳቸውን አጥብቀው ይቃወሙ ነበር። አህጉሩ ያፈራውን ጥሬ ሀብት ለባዕድ እየሰጠ ለራሱ ባዶ እንደሚቀር ያምኑ ነበር። በአፍሪካ ዋንጫ አንድ ቡድን ከሁለት የበለጡ በውጭ የሚጫወቱ ልጆችን እንዳያሰልፍ የሚከለክለው ደንብም የዚህ አስተሳሰብ ውጤት ነበር፤ ነገር ግን እ.ኤ.አ. በ1982 ተነሣ። በዛሬው ጊዜ የአፍሪካ ብሔራዊ ቡድኖች አብዛኛውን ኃይላቸውን ከአውሮፓ ክለቦች ያገኛሉ። ተጫዋቹ የላቡን ዋጋ ወደሚያገኝበት መሄዱ መብቱ መሆኑን መካድ አይቻልም። የሀገር ውስጥ ሊጎች ሜዳ ባዶነት ሲታይ ደግሞ፣ የሽማግሌው ሥጋት መሠረተ ቢስ እንዳልነበረ ይታወቃል።

ከዚህም የከበደው ነገር በገዛ ሀገራቸው የደረሰው ነው። ለአህጉሩ ቤት የሠሩት ሰው ሀገር ከ1954ቱ ድል በኋላ ዋንጫውን ዳግም አላነሣችም። እ.ኤ.አ. በ1968ና በ1976 ውድድሩን በሜዳዋ አስተናግዳ ዋንጫውን ኮንጎ ኪንሻሳና ሞሮኮ ወሰዱት። ከ1982 በኋላ ወደ አፍሪካ ዋንጫ ለመመለስ 31 ዓመት ፈጀባት። ለዚህ ምክንያቱ ብዙ ነው፤ ጦርነትና ድህነትም የራሳቸው ድርሻ አላቸው። አንዱን ግን ከአቶ ይድነቃቸው ሕይወት መማር ይቻላል። እርሳቸው ያደጉት የሰፈር ልጆች በራሳቸው ፈቃድ ባቋቋሙት፣ በራሳቸው ደንብ በሚተዳደር ክለብ ውስጥ ነው። በፍኖተ ሰላም ወይም በቡሬ ሜዳ የጨርቅ ኳስ የሚያንከባልል ልጅ እንዲህ ያለ ክለብ፣ ቃለ ጉባዔ የሚይዝና ዓመት ከዓመት የማይፈርስ ክለብ ካላገኘ፣ ተሰጥኦው ከሠፈሩ አልፎ አይሄድም።

አቶ ይድነቃቸው ነሐሴ 13 ቀን 1979 ዓ.ም. በ65 ዓመታቸው በአዲስ አበባ አረፉ። በሥልጣን ላይ እንዳሉ ስለሞቱ የሥራቸውን ፍሬ በሙሉ አላዩም። ደቡብ አፍሪካ የዘር አገዛዝን አስወግዳ እ.ኤ.አ. በ1992 ወደ እግር ኳሱ ማኅበር ተመለሰች፤ በ1996 የአፍሪካን ዋንጫ ከነጭና ጥቁር ልጆቿ በተውጣጣ ቡድን አነሣች፤ በ2010ም የዓለምን ዋንጫ አስተናገደች። በካርቱም ከሸንጎው የተሰናበተችው ሀገር፣ በዚያው ሸንጎ በተጠየቀችው መሠረት ተለውጣ ገባች። አንድ ብቻ የነበረው የአፍሪካ የዓለም ዋንጫ ድርሻም በ2026ቱ ውድድር ዘጠኝ ደርሷል። ያደጉበት የአራዳው ክለብም በሀገሪቱ ሊግ ከማናቸውም በላይ ሻምፒዮን በመሆን ቀጥሏል።

ግብ ያስቆጠረ ሰው በዕለቱ ይጨበጨብለታል። ደንብ ያረቀቀ፣ በስብሰባ ለእውነት የቆመ፣ የማይመች ውሳኔ አስወስኖ ዋጋውን ከጓደኞቹ ጋር የተሸከመ ሰው ግን ብዙ ጊዜ የሚታወሰው ዘግይቶ ነው። ይድነቃቸው ተሰማ ሁለቱንም ሠርተዋል። ለማኅበር አባላት የሚቀረው ትምህርትም ከሁለተኛው ሥራቸው የሚገኘው ነው።