በአንድ ሽንፈት የሚታወሰው አምበል

ኳሷ መስመሩን አልፋለች ወይስ አላለፈችም? የእግር ኳስ ወዳጅ ይህን ጥያቄ ሲሰማ ትዝ የምትለው እ.ኤ.አ. በ1966 የዓለም ዋንጫ ፍጻሜ ጄፍ ኸርስት ጀርመን ላይ ያስቆጠራት ጎል ናት። ራግቢ ግን የራሱን ክርክር የጀመረው ከዚያ ስድሳ ዓመት ያህል አስቀድሞ ነው፤ እስከ ዛሬም አልጨረሰውም። በዚያ ጨዋታ የተሸናፊው ቡድን አምበል አየርላንድ ተወልዶ ለኒውዚላንድ የተሰለፈው ዴቭ ጋለኸር ነበር። (ዘመኖቹ በሙሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ጋለኸር ኦክቶበር 30 ቀን 1873 በዶኔጋል፣ ራሜልተን በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። በ1878 ቤተሰቡ ጓዙን ጠቅልሎ በመርከብ ወደ ኒውዚላንድ ሲሰደድ ልጁ አምስት ዓመት አልሞላውም። ካቲካቲ በተባለው የሰፈራ ቦታ የደረሳቸው መሬት እንደተወራለት አልሆነም። ቤቱን ያቆመችው በመምህርነት ደሞዟ እናትየው ነበረች፤ እሷም በ1887 በካንሰር ሞተች። የ13 ዓመቱ ዴቭ ትምህርቱን ትቶ ሥራ ገባ።

በኋላ ኦክላንድ ከተማ ገብቶ በዱቄት ፋብሪካ፣ ቀጥሎም በሥጋ ማቀዝቀዣ ድርጅት በጉልበት ሠራተኛነት ተቀጠረ። በ1895 የፖንሰንቢ ክለብን ተቀላቀለ፤ በዓመቱ ለኦክላንድ ምርጥ ቡድን ተሰለፈ። በ1901 ደግሞ ደቡብ አፍሪካ ዘምቶ በቦር ጦርነት ተዋጋ። ሲመዘገብ ከእድሜው ሦስት ዓመት ቀነሰ። የእኛ ዘመን ተጫዋች እድሜ የሚቀንሰው ለታዳጊ ቡድን ለመሰለፍ ነው፤ እሱ የቀነሰው ጦር ሜዳ ሲሄድ ነው!

ከዘመቻ ተመልሶ ኒውዚላንድ በ1903 ሲድኒ ላይ አውስትራሊያን 22ለ3 ባሸነፈችበት የመጀመሪያ ዓለም አቀፍ ግጥሚያዋ ተጫወተ። በ1905 ወደ ብሪታንያና አየርላንድ ለሚጓዘው ቡድን አምበል ተደረገ። ነገር ግን ገና በመርከብ ላይ ሳሉ ጭቅጭቅ ተነሳ። ከደቡብ የመጡት ተጫዋቾች አምበልነቱን አልወደዱትም። ጋለኸር ግትር አላለም፤ ሥልጣኑን ለመልቀቅ ጠየቀ። የቡድን መሪው ጆርጅ ዲክሰን እምቢ አለ፤ ድምፅ ሲሰጥም ከ29ኙ ተጫዋቾች 17ቱ ደገፉት።

ከዚያ በኋላ የሆነው ጉድ ነው። በመጀመሪያው ጨዋታ ዴቨንን 55ለ4 ቀጠቀጡት። ውጤቱን የሰሙ አንዳንድ ጋዜጠኞች ተገልብጦ የተላከ መስሏቸው ነበር። ስኮትላንድ 12ለ7፣ እንግሊዝ 15ለ0 ተረቱ። ኦል ብላክስ የሚለው ስም የገነነውም በዚያ ጉዞ ነው። የቀን አበላቸው 3 ሽልንግ ብቻ ነበር፤ ያቺም ብትሆን ክፍያ አይፈቀድም በሚባልበት ራግቢ ውስጥ ሐሜት አላጣችም።

ድሉ ግን ለአምበሉ ጭብጨባ ብቻ አላመጣለትም። ጋለኸር የሚጫወትበት ቦታ ዊንግ ፎርዋርድ ይባላል። ኳሱን ወደ ስክረም ያስገባና ከጎን ቆሞ ተጋጣሚ ወደ ራሱ አቀባይ እንዳይደርስ ይጋርዳል። ለኒውዚላንዶች ይህ ታክቲክ ነበር፤ ለብሪታንያ ጋዜጦች ግን ማጭበርበር። በየስታዲየሙ ተጮኸበት፣ ስሙ ተነሳ። እሱ ግን የያዘውን ቦታ አልለቀቀም።

ኖቬምበር 25 ቡድኑ ደብሊን ላይ አየርላንድን 15ለ0 ሲያሸንፍ ጋለኸር አልተሰለፈም። ስኮትላንድ ላይ የደረሰበት የእግር ጉዳት በትውልድ አገሩ ላይ የመጫወት እድሉን ነጠቀው።

ዲሴምበር 16 ቀን ካርዲፍ። ወደ 47 ሺህ የሚጠጋ ተመልካች ሜዳውን ሞልቶታል። ስኮትላንዳዊው ዳኛ ጆን ዳላስ በስክረሙ ጋለኸርን ደጋግሞ ስለቀጣው አምበሉ ተጫዋቾቹን በስክረም ኳስ እንዳይፋለሙ አዘዘ። ኳሱ በፈቃዳቸው ለዌልስ ተተወ ማለት ነው። ቴዲ ሞርጋን ትራይ አስቆጠረ፤ 3ለ0። በሁለተኛው አጋማሽ ኒውዚላንዳዊው ቦብ ዲንስ ወደ መስመሩ ተወርውሮ ወደቀ። ኒውዚላንዶች አግብቷል አሉ፤ ዌልሶች ከመስመሩ በፊት ተይዟል አሉ። ዳኛው ትራዩን አልሰጠም። ጨዋታው በዚያው ውጤት አለቀ።

እንግዲህ ከዚህ በላይ ለማማረር የሚመች ቀን ከየት ይመጣል? ዳኛው ሲቀጣው ውሏል፣ ትራይ ተከልክሏል፣ ያለ ሽንፈት የመመለስ ሕልሙም ተበላሽቷል። ጋለኸር ግን የተሻለው ቡድን አሸነፈ ብሎ ተናገረ፤ ዳኛውንም አልወቀሰም። ለወራት አጭበርባሪ ሲባል የከረመው ሰው ማንነት የታየው ያን ቀን ነው።

ጉዞው ሲጠናቀቅ ሂሳቡ 35 ጨዋታ፣ 34 ድል፣ 1 ሽንፈት ሆነ። 976 ነጥብ አስቆጥረው 59 ብቻ ተቆጠረባቸው። ጋለኸር ጫማውን ሰቅሎ ከምክትሉ ቢሊ ስቴድ ጋር የራግቢ መጽሐፍ ጻፈ፤ ከ1907 እስከ 1914 የብሔራዊ ቡድኑ መራጭ ሆኖ አገለገለ። አግብቶም ሴት ልጅ ወለደ።

አንደኛው የዓለም ጦርነት ሲመጣ በእድሜው ምክንያት ግዳጅ አልነበረበትም። እሱ ግን በ1916 በፈቃዱ ተመዘገበ። ጥሪ እየጠበቀ ሳለ ወንድሙ ዳግላስ ፈረንሳይ ውስጥ እንደተገደለ ተረዳ። ኦክቶበር 4 ቀን 1917 ቤልጅየም ላይ ግራቨንስታፍል በተባለው ኮረብታ በተደረገው ማጥቃት የመድፍ ፍንጣሪ የብረት ቆቡን በስቶ ገባ። በዚያው ቀን አረፈ።

ዛሬ የኦክላንድ ክለቦች በስሙ ለተሰየመው የጋለኸር ሺልድ ይፋለማሉ። ከ2000 ጀምሮ ኒውዚላንድና ፈረንሳይ የሚጫወቱበት ዋንጫም ስሙን ይዟል። በ2011 በኤደን ፓርክ ስታዲየም ሐውልት ቆሞለታል። ፖፐሪንገ አጠገብ ባለው መቃብሩ ላይ ደግሞ የሞተው በ41 ዓመቱ ነው ተብሎ ተጽፏል። ጋለኸር ግን ያኔ ሊያስበው ቀናት የቀሩት 44ኛ ልደቱን ነበር። ሜዳ ላይ አጭበርባሪ የተባለው ሰው የዋሸው ውሸት እስከ ዛሬ ድንጋይ ላይ ተቀርጾ አለ።